ሳይፈረድበት የታሰረውን ስለ መጠየቅ

በቋንቋችን «መጠየቅ» የሚለው ቃል ሁለት ሥራ ይሠራል። ያላወቅነውን ነገር ለማወቅ እንጠይቃለን፤ የታመመውን፣ ያዘነውንና የታሰረውንም እንጠይቃለን። ሁለቱ በአንድ ቃል መጠራታቸው ያለ ምክንያት አይመስለንም። ይሁን እንጂ የታሰረን ሰው በተመለከተ ሁለቱ በቀላሉ ይደበላለቃሉ፤ ሊጠይቅ የሄደው ሰው ሳያስበው መርማሪ ሆኖ ይገኛል። በዚህ ጽሑፍ ልንመለከተው የፈለግነው ይህንኑ ነው። ጉዳዩ ሩቅ ቢመስልም ከምእመናኖቻችን ቤት የገባ ነው። ልጆቻቸው ወይም ወንድሞቻቸው በዋሽንግተን አካባቢ፣ በሜሪላንድ፣ በቨርጂኒያ ወይም በሌላ የአሜሪካ ግዛት የሚኖሩ ቤተሰቦች አንድ ቀን «እገሌ ታስሯል» የሚል ስልክ ይደርሳቸዋል። «የት?» ብለው ቢጠይቁ «ካውንቲ» ይባላሉ፤ ቦታው ምን ዓይነት እንደሆነ ግን የሚያስረዳቸው አይገኝም።

ካውንቲ በአሜሪካ ከግዛት በታች ያለ አስተዳደር ነው፤ ከእኛ ወረዳ ጋር ሊመሳሰል ይችላል። ቁጥራቸው ከ3,000 በላይ ነው፤ አብዛኞቹ የራሳቸው ወህኒ ቤት አላቸው፤ ኃላፊውም ብዙውን ጊዜ ሸሪፍ የሚባለው ሹም ነው። በዚያ የሚገኙት ሁለት ዓይነት ሰዎች ናቸው፦ አንደኛዎቹ አጭር ቅጣት፣ አብዛኛውን ጊዜ ከአንድ ዓመት የማይበልጥ፣ የተፈረደባቸው ናቸው፤ ሁለተኛዎቹ ፍርድ የሚጠባበቁ ናቸው። በ2023 (ዘመናቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) አጋማሽ በአገሪቱ እንዲህ ባሉ ወህኒ ቤቶች ከ660,000 በላይ ሰዎች ነበሩ፤ ከእነዚህም ከ10 ሰው 7ቱ ገና ያልተፈረደባቸው ናቸው። ስለዚህ «ካውንቲ ገባ» ሲባል «ወንጀለኛ ሆነ» ብሎ መተርጎም ከእውነቱ መራቅ ነው። ብዙዎች እዚያ የሚቆዩት የተጠየቀውን የዋስትና ገንዘብ ማግኘት ስላልቻሉ ነው።

ይህን ሁኔታ ቅዱሳት መጻሕፍት አያውቁትም አንልም። ቅዱስ ጳውሎስ በቂሣርያ የታሰረው ሳይፈረድበት ነበር። ገዥው ፊልክስ ጉዳዩን ሰምቶ ውሳኔውን አቆየ፤ ከጳውሎስም ገንዘብ አገኛለሁ ብሎ ተስፋ አደረገ፤ እንዲሁ ሲያጓትት ሁለት ዓመት አለፈ (ሐዋ. 24፥22-27)። ነገር ግን ይኸው ጉቦ የሚጠብቅ ገዥ ስለ እስረኛው አንድ መልካም ትእዛዝ ሰጥቷል፤ ወዳጆቹ መጥተው እንዲያገለግሉት እንዳይከለከሉ አዟል። ብዙ ሰባክያን ይህን ቁጥር በችኮላ ያልፉታል፤ እኛ ግን ልንቆምበት እንወዳለን። ፍርዱ ሲዘገይ፣ ሕጉ ሲጣመምና ዳኛው ሲለግም እንኳ የታሰረውን ሰው ከወዳጆቹ መለየት ተገቢ እንዳልሆነ ፊልክስ ሳይቀር ተረድቶ ነበር።

እንግዲህ ጥያቄው እንዲህ ነው፦ የታሰረን ሰው መጠየቅ ከልባችን ደግነት የምንሰጠው ምጽዋት ነውን? ወይስ የሚገባው ነውን? በትምህርተ ክርስቶስ ከሥጋዊ የምሕረት ሥራዎች አንዱ መሆኑን ሁላችን ተምረናል። ምሕረት የሚለው ስም ግን አንዳንድ ጊዜ ያሳስተናል። ለበደለኛ የሚደረግ ችሮታ ስለሚመስለን «ይገባዋል ወይስ አይገባውም?» እያልን እንመዝናለን። ፍርድ ቤት ያልፈረደበትን ሰው በጓዳችን ፈርደንበት ምሕረት የምናደርግለት በምን ሥልጣን ነው? ወንድምነቱ፣ ልጅነቱ፣ የጥምቀት ባልንጀራነቱ በእጁ ላይ ካቴና በገባበት ሰዓት አልተቋረጠም። ትናንት ባለ ዕዳዎቹ ነበርን፤ ዛሬም ነን። ምሕረት የምትጀምረው ይህ ዕዳ ከተከፈለ በኋላ ይመስለናል።

በአገራችን እስረኛን መጠየቅ ማለት ስንቅ ማቀበል ማለት ነው። እናት በማለዳ ተነሥታ የሠራችውን ወጥ በሳህን አድርጋ፣ በጨርቅ ቋጥራ፣ ከጣቢያው በር ትሰለፋለች፤ ፖሊሱ አስቀድማ እንድትቀምስ ያደርጋታል፤ ከዚያም ሳህኑ ይገባል። ልጇን ባታየው እንኳ ባዶው ሳህን ሲመለስላት መብላቱን ታውቃለች። በአሜሪካ ካውንቲ ወህኒ ቤት ግን ከቤት የመጣ ምግብ አይገባም። የሚቻለው በእስረኛው ስም በተከፈተ ሒሳብ ገንዘብ ማስገባት ብቻ ነው፤ በዚያም ሳሙና ወይም ደረቅ ምግብ ይገዛል። ጉብኝቱም በብዙ ቦታ ፊት ለፊት መሆኑ ቀርቶ በቪዲዮ ስክሪን ሆኗል። እጃችንን ባዶ ያደረገ ሥርዓት ልባችንንም እንዳያባዳው መጠንቀቅ ያስፈልጋል። «ምን ይዤ ልሂድ?» የሚለው ጥያቄ በዚያ አገር መልሱ «ድምፅህን» የሚል ሆኗል።

ድምፅም ቢሆን ዋጋ አለው፤ በእውነተኛው የገንዘብ ትርጉም ማለታችን ነው። ወደ ወህኒ ቤቱ ደውሎ እስረኛን ማነጋገር አይቻልም፤ የሚደውለው እርሱ ነው፤ የሚከፍሉት ግን አብዛኛውን ጊዜ ቤተሰቦቹ ናቸው። በዋሽንግተን ትኖር የነበረች ወይዘሮ ማርታ ራይት የምትባል ጡረታ የወጣች ነርስ የልጅ ልጇ ታስሮባት ነበር። ዓይነ ሥውር በመሆኗ ደብዳቤ ማንበብ አትችልም፤ የቀራት ስልክ ብቻ ነበር፤ የስልኩ ዋጋ ግን ከአቅሟ በላይ ሆነ። በ2000 ከሌሎች ጋር ሆና ክስ አቀረበች፤ በ2003 ደግሞ ለአገሪቱ የኮሙኒኬሽን ኮሚሽን አቤት አለች። ኮሚሽኑ ከግዛት ወደ ግዛት ለሚደረጉ ጥሪዎች የዋጋ ጣሪያ ያወጣው ከ10 ዓመት በኋላ በ2013 ነው። እርስዋ በ2015 ዐረፈች። በጥር ወር 2023 የወጣው ሕግ በስሟ ተሰይሟል፤ በ2024 ኮሚሽኑ ዋጋውን እጅግ ዝቅ የሚያደርግ ውሳኔ ሰጠ፤ በ2025 ግን አፈጻጸሙን አዘገየው፤ ጣሪያውንም መልሶ ከፍ አደረገው። ሳን ፍራንሲስኮ ከ2020 ጀምሮ በወህኒ ቤቶቿ ጥሪውን ነጻ አድርጋለች። ይህን ሁሉ የጠቀስነው አንዲት አሮጊት የልጅ ልጇን ድምፅ ለመስማት መፈለጓ የፍትሕ ጉዳይ መሆኑን አንድ ታላቅ አገር አምኖ ለመቀበል ምን ያህል ዘመን እንደፈጀበት ለማሳየት ነው።

አሁን ወደ ተነሣንበት ቃል እንመለስ። ከወህኒ ቤት የሚመጣ ጥሪ ሲነሣ መጀመሪያ የሚሰማው የመሣሪያ ድምፅ ነው፤ ጥሪው ከወህኒ ቤት መሆኑንና መቀረጹን ይናገራል። (እንግሊዝኛ የማያውቁ ወላጆች ማስታወቂያ መስሏቸው እንደሚዘጉት ልብ ይሏል።) ከጠበቃው ጋር ከሚያደርገው ንግግር በቀር እስረኛው የሚናገረው ሁሉ በዐቃቤ ሕግ እጅ ሊገባና በችሎት ማስረጃ ሆኖ ሊቀርብበት ይችላል፤ በአማርኛ መናገርም አይሸሽገውም፤ ተርጓሚ አይጠፋምና። ስለዚህ «እውነቱን ንገረኝ፣ ምን አድርገህ ነው?» የምትል እናት ከፍቅር የተነሣ ልጇን በሚጎዳ ምርመራ ውስጥ ታስገባዋለች። «እንዴት አደርህ? እንቅልፍ ወሰደህ? መድኃኒትህን ሰጡህ?» የሚለው ግን መጠየቅ ነው። እውነት መነገር የለባትም ማለታችን አይደለም፤ የምትነገርበት ቦታ አላት ማለታችን ነው። ለጠበቃው በጠበቃው ክፍል፣ ለካህኑ በኑዛዜ ትነገራለች። ኑዛዜም በስልክ ወይም በስክሪን አይፈጸምም፤ ካህን በአካል እንዲገባ መጠየቅ ይቻላል፤ አብዛኞቹ ወህኒ ቤቶች ለካህናት ከቤተሰብ ጉብኝት የተለየ ሥርዓት አላቸው።

ምክር መስጠትም ምርመራን ያህል አደገኛ ሊሆን ይችላል። «እመንና ቶሎ ውጣ» የሚለው የዘመዶች ምክር የተለመደ ነው። የአሜሪካ ዜግነት ለሌለው ሰው ግን ጥፋተኛ ነኝ ማለት ከአገር መባረርን ሊያስከትልበት ይችላል፤ ጠበቃው ይህን አስቀድሞ ሊነግረው እንደሚገባም ከፍተኛው ፍርድ ቤት በ2010 ወስኗል። ገንዘብ ለማዋጣት የተነሣ ማኅበር ወይም ዕድርም ለዋስትና ነጋዴ የሚከፈለው ገንዘብ፣ ብዙ ጊዜ ከተጠየቀው 10 በመቶ ያህሉ፣ ተከሳሹ ነጻ ቢወጣ እንኳ እንደማይመለስ አውቆ ይግባበት። ጠበቃ የሚያቆምበት ለሌለው መንግሥት ጠበቃ የማቆም ግዴታ አለበት፤ ከገንዘቡ በፊት እርሱን ማነጋገር ይበልጣል።

«በእርግጥ አጥፍቶ ቢሆንስ?» የሚሉን ይኖራሉ። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ በጣም የሚከብደውም ተበዳዩ ከእኛው መካከል ሲሆን ነው። ሚስቱን ደብድቦ የታሰረ ሰው አለ እንበል። እርሱም እርስዋም ምእመናኖቻችን ናቸው። እርሱን መጠየቅ እርስዋን መካድ ነውን? አይደለም ብለን እናምናለን፤ ነገር ግን ወሰን አለው። በእንዲህ ያለ ጉዳይ ፍርድ ቤቱ ብዙ ጊዜ ከተበዳይዋ ጋር በራሱም ሆነ በሌላ ሰው በኩል እንዳይገናኝ ያዛል። ስለዚህ «ይቅር በይኝ በልልኝ» ቢለን እንኳ መልእክቱን ማድረስ አይገባንም። ሽምግልና ያሳደገን ሕዝብ በመሆናችን ይህ ይከብደናል፤ መሐል ገብቶ ማስታረቅ ጽድቅ ይመስለናልና። የተደበደበችን ሴት በሽማግሌ ብዛት አስጨንቆ ክሱን እንድትተው ማድረግ ግን ማስታረቅ አይባልም። አስቀድማ መጠየቅ የሚገባት እርስዋ ናት፤ ከዚያ በኋላ ወደ እርሱ የሚሄድ ይሂድ፤ ከተቻለም የሚሄደው ሌላ ሰው ይሁን። ር.ሊ.ጳ. ዮሐንስ ጳውሎስ ዳግማዊ በታኅሣሥ 1983 በጥይት ያቆሰላቸውን ሰው በሮም ወህኒ ቤት ሄደው አነጋግረውታል። የሄዱት ተበዳዩ ራሳቸው ነበሩ፤ በፈቃዳቸው፣ በራሳቸው ጊዜ፤ ሰውየውም ከእስር አልተፈታም።

ሌላው የሚያስጨንቀን የአገር ቤቷ እናት ጉዳይ ነው። መርዶን በዘዴ፣ በሰዓቱ መንገር ባህላችን ነው፤ እስርንም እንደ መርዶ እንሸሽገዋለን። «ለሥራ ሌላ ግዛት ሄዷል፤ ስልክ አይሠራም» ይባላል። ለጥቂት ቀናት ነገሩ እስኪጣራ ማቆየት ከጥበብ ሊቆጠር ይችላል። ወራት ሲሆን ግን ውሸቱ ሁለት ሰው ያስራል፤ እናቲቱ የልጇን ዝምታ እንደ ንቀት ትቆጥረዋለች፤ እርሱም በእናቱ ዘንድ በሐሰት እየኖረ መሆኑን ያውቃል። ይሉኝታ ብዙ ጊዜ የሚጠብቀው እናቲቱን ሳይሆን ነጋሪውን ነው። ሄኔሲፎሩ የተባለው ሰው በጳውሎስ ሰንሰለት እንዳላፈረ፣ ሮምም በደረሰ ጊዜ ተግቶ ፈልጎ እንዳገኘው ተጽፏል (2ጢሞ. 1፥16-17)። ማፈርና መፈለግ አብረው እንደማይሄዱ ከዚህ እንረዳለን።

መፈለጉም ሥራ ነው። የእኛ ስም በላቲን ፊደል በብዙ ዓይነት ስለሚጻፍ፣ የአያት ስም ከአባት ስም ስለሚለዋወጥና የልደት ዘመንም በሁለት አቆጣጠር ስለሚምታታ፣ በሸሪፉ መዝገብ አንድ ጊዜ ፈልጎ «የለም» ብሎ መተው አይበቃም። በፓስፖርቱ ላይ እንደ ተጻፈው መሞከር፣ ከዚያም ፊደሉን እየለዋወጡ መሞከር ያሻል። ሲገኝ የሚሰጠውን የምዝገባ ቁጥር መያዝ ነው፤ ያለ እርሱ ደብዳቤም ገንዘብም አይደርስም። ር.ሊ.ጳ. ፍራንቸስኮስ በመስከረም 2015 በፊላደልፊያ እንዲህ ያለ ወህኒ ቤት ገብተው እስረኞቹን እየዞሩ ጨብጠዋል፤ የተቀመጡበትንም የእንጨት ወንበር የሠሩት እስረኞቹ ነበሩ። እኛ ከዚህ ሆነን መጨበጥ ባንችል መጻፍ እንችላለን።

በየቁምስናው ያሉ መምህራነ ትምህርተ ክርስቶስ ለእንዲህ ዓይነት ቤተሰቦች ደብዳቤ ቢጽፉላቸው መልካም ነው። ስለ ክሱ አንዳች አይጻፍ። የሰፈሩ ዜና፣ የእኅቱ ልጅ ፈተና ማለፉ፣ ዝናቡ መዘግየቱ ይጻፍለት። አንዳንዱ ወህኒ ቤት ፖስት ካርድ ብቻ ይቀበላል፤ ሌላው ደብዳቤውን ቀድቶ ዋናውን ሳይሰጥ በስክሪን ያሳየዋል፤ ስለዚህ ሥርዓቱን አስቀድሞ መጠየቅ ያስፈልጋል፤ ጽሕፈቱም ጎላ ያለና በጥቁር ቀለም ይሁን። አጭር ቢሆን አይጎዳም። ቀኑ ግን ይጻፍበት፤ ብዙ ጊዜ ዘግይቶ ስለሚደርስ ተቀባዩ መቼ እንደ ታሰበ ማወቅ ይፈልጋል።