ያለ ሐልዮ የተፈጸመ ገቢር

ሰው ኃጢአትን በሐልዮ፣ በነቢብና በገቢር ይሠራል የሚለውን የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ስንሰማ፣ አሳብ ቃልን፣ ቃልም ሥራን እየወለደ ሦስቱ ሳይነጣጠሉ የሚሄዱ አድርገን መቀበል ልማዳችን ነው። ነገር ግን ልብ ያላሰበውን፣ አንደበትም ያልተናገረውን ነገር አካል ብቻውን ፈጽሞት ሲገኝ፣ ባለቤቱ ማን ይባላል? ይህን ጥያቄ የክሮኤሺያ ተወላጅ በሆነው በእግር ኳስ ተከላካዩ በኢቪትሳ ሆርቫት ሕይወት ላይ ልመረምረው እወዳለሁ።

ሆርቫት እንደ አውሮጳ አቆጣጠር በ1926 በሲሳክ ከተማ ተወልዶ፣ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ለዛግሬቡ ዲናሞ እየተጫወተ በ1948 እና በ1954 የዩጎዝላቪያን ሻምፒዮናነት ያገኘ፣ ለብሔራዊው ቡድን 60 ጊዜ የተሰለፈና በ1952 የሄልሲንኪ ኦሊምፒክ የብር ሜዳይ የተሸለመ ሰው ነው። ይሁን እንጂ ሰኔ 27 ቀን 1954 በጄኔቭ፣ ዩጎዝላቪያ ከምዕራብ ጀርመን ጋር በዓለም ዋንጫ ሩብ ፍጻሜ ስትጋጠም፣ በመጀመሪያዎቹ አሥር ደቂቃዎች ውስጥ በግንባሩ ለበረኛው ለቤአራ አቀብላለሁ ብሎ የመለሳት ኳስ፣ ቤአራ ወደ ፊት ወጥቶ ስለ ነበር፣ ከገዛ መረቡ ገባች። ዩጎዝላቪያ ጨዋታውን በብዙ ብትቆጣጠረውም ጀርመኖች 2 ለ 0 አሸነፉ፤ ከሳምንት በኋላም ሀንጋሪያን 3 ለ 2 ረትተው ዋንጫውን ወሰዱ።

ኦሪት ዘዳግም እንዲህ ላለው ነገር ሥርዓት አበጅቶለታል፤ ዛፍ ሊቆርጥ ምሣር ሲያነሣ ብረቱ ከእጀታው ወልቆ ባልንጀራውን የገደለበት ሰው፣ ደም ተበቃዩ እንዳይደርስበት ወደ መማፀኛ ከተማ ይሸሻል። ሕጉ የነፍሰ ገዳይ ስም ባይሰጠውም፣ ምንም እንዳልሆነ ሰው ወደ ቤቱ አይሰደውም፤ በዘመኑ የነበረው ሊቀ ካህናት እስኪሞት ድረስ ከርስቱ ርቆ እንዲቀመጥ ያዝዘዋል። ኦሪት ዘሌዋውያንም ባለማወቅ ለተሠራ በደል መሥዋዕት ይጠይቃል። እንግዲህ የልብ ንጽሕና ሰውን ከኵነኔ ቢያድነውም፣ የሆነው ነገር እንዳልሆነ ሊያደርገው አይችልም፤ ያላሰበው ሰው ከበደል ነጻ ነው፣ ከሸክም ግን ነጻ አይደለም።

ሆርቫት ወደ ኋላ ኑሮውን ያደረገው፣ በስሕተቱ ባተረፈው በዚያው በጀርመን አገር ነው። በፍራንክፈርት ተጫውቶ፣ ቆይቶም አሠልጣኝ ሆኖ፣ በ1971 የሻልከን ቡድን ሲረከብ፣ ከእርሱ መምጣት በፊት በዚያው ዓመት ሚያዝያ ብዙዎቹ ተጫዋቾች ገንዘብ ተቀብለው በቢለፌልድ ቡድን 1 ለ 0 ተሸንፈው ነበር። ለእያንዳንዳቸው የደረሳቸው 2,300 ማርክ ነበር ይባላል። በፍርድ ቤት ቀርበው በመሐላ ካዱ፤ በኋላ ግን ነገሩ ተገልጦ ተቀጡ። ሆርቫት እነዚህን ሰዎች እየመራ በ1972 ካይዘርስላውተርንን 5 ለ 0 አሸንፎ የጀርመንን ዋንጫ አነሣ።

እዚህ ላይ የሰው መዝገብ ምን ያህል ዕውር እንደሆነ ይታያል። በቢለፌልዱ ጨዋታ ሐልዮውም፣ ነቢቡም፣ ገቢሩም ተሟልተው ሳሉ፣ የውጤት ሠንጠረዡ የተራ ሽንፈት ቍጥር ብቻ ያሳያል፤ በጄኔቩ ግን ቡድኑን ለማዳን የዘለለው ሰው ስም፣ በራሱ ላይ ግብ ካስቆጠሩት መካከል ለዘለዓለም ተጽፎ ይነበባል። መዝገቡ ሐሰት አልተናገረም፤ ዓይን ያየውን ጽፏል፣ ልብን የመመርመር ሥልጣን ግን አልተሰጠውም። ስለዚህ በባልንጀራችን ላይ ለመፍረድ ስንቀመጥ ድርጊቱን ከመዝገብ ማንበብ አይበቃንም፤ ሐልዮው ወዴት ነበረ ብለን እንጠይቅ ዘንድ ይገባናል። ሳያስብ የሳተ ሰው ደግሞ በበኩሉ፣ «ልቤ ንጹሕ ነበረ» ብሎ ሥራውን አይካድ፤ ሥራውንም ተቀብሎ የከሐዲን ስም በራሱ ላይ አይጥራ። ሆርቫት ከጄኔቭ በኋላ ኳሱን አልተወም፤ በ2012 በጀርመን አገር እስኪያርፍ ድረስም ስሙ ከዚያች ግብ ጋር አብሮ ኖሯል፤ ንጹሕ ልብ ላለው ሰው ይህን ያህል መሸከም ይበቃዋል፣ ከዚህ በላይ ሊጭንበት የሚገባ ዳኛ በምድር ላይ የለም።