በሌሉበት የተከፈለ ውሃ

ከሄንደርሰን ተነስቶ ወደ ሁቨር ግድብ የሚነዳ ሰው ግማሽ ሰዓት ሳይሞላው የሜድ ሐይቅ ይታየዋል። ዓይን ቀድሞ የሚያርፈው ውሃው ላይ ሳይሆን ገደሉን በዞረው ነጭ ቀለበት ላይ ነው፤ ሐይቁ ሲሸሽ የቀድሞ ከፍታውን ድንጋዩ ላይ ትቶ ሄዷል። ሄንደርሰን የዚህ ግድብ ልጅ ናት። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ወቅት እዚያ በረሃ ላይ የማግኒዚየም ፋብሪካ የተተከለው የግድቡ ኤሌክትሪክና ውሃ ቅርብ ስለነበር ነው፤ ከተማዋም የበቀለችው ለፋብሪካው ሠራተኞች ከተሠሩት ቤቶች ነው። ዛሬ ሌሊቱን ላስ ቬጋስ ውስጥ ታክሲ ሲነዳ አድሮ ሄንደርሰን ቤቱ የሚገባ ኢትዮጵያዊ ለቡናው የሚቀዳው የኮሎራዶን ወንዝ ነው።

ይኸው ሰው ስለ ዓባይ ቢጠየቅ መልስ አይቸግረውም፤ ቁጥሮቹን ሳይቀር በቃሉ ይዟቸዋል። እ.ኤ.አ. በ1959 ግብጽና ሱዳን ውሃውን 55.5 እና 18.5 ቢሊዮን ሜትር ኩብ አድርገው ሲከፋፈሉ፣ አስዋን ከሚደርሰው ውሃ 85 በመቶ ያህሉ የሚነሳባት ኢትዮጵያ አልተጠራችም። በ1929 ብሪታንያና ግብጽ ደብዳቤ ሲለዋወጡም እንዲሁ። ክርክሩ አጭርና ጠንካራ ነው፦ ባልተገኘሁበት የተፈረመ ውል አያስረኝም። ሽማግሌ ፊት ቢቀርብም ይረታል። የሚከብደው ከዚህ ቀጥሎ ያለው ጥያቄ ነው። ይህ ክርክር የተናጋሪው የግል ንብረት ነው ወይስ ላልተጠራ ሁሉ ይሠራል? ያው ሰው ሌሎች በሌሉበት ከተከፈለ ውሃ እየጠጣ ሲገኝስ ምን ይላል?

የኮሎራዶ ውል የተፈረመው በ1922 ሳንታ ፌ አጠገብ ነው። ሰብሳቢው ያኔ የንግድ ሚኒስትር የነበረው ኸርበርት ሁቨር ነበር። ሰባት ግዛቶች ወንዙን ለላይኛውና ለታችኛው ተፋሰስ እኩል አካፈሉት፤ በድምሩ 15 ሚሊዮን ኤከር ፉት። ወደ ሜትር ኩብ ሲመነዘር 18.5 ቢሊዮን ይሆናል፤ በአጋጣሚ፣ ከ37 ዓመት በኋላ ለሱዳን የደረሰው ቁጥር። ስሌቱ ወንዙ ከወትሮው በሞላባቸው ዓመታት ላይ የቆመ ስለነበር ወረቀቱ ላይ ያለው ውሃ ከወንዙ ውሃ በልጦ ቀረ። ወንዙ ባሕር የሚደርሰው በሜክሲኮ በኩል ቢሆንም ሜክሲኮ አልተወከለችም፤ 1.5 ሚሊዮን ኤከር ፉት ድርሻዋን በውል ያገኘችው በ1944 ነው። ከሁሉ በፊት በወንዙ ዳር የኖሩት ነባር ሕዝቦች ደግሞ ከውሉ ውስጥ የደረሳቸው አንድ ዓረፍተ ነገር ነው፤ እሱም ውሉ የአሜሪካ መንግሥት ለእነሱ ያለበትን ግዴታ እንደማይነካ ይናገራል። ቁጥር የለበትም። ኔቫዳ የተመደበላት 300 ሺህ ኤከር ፉት፣ ከታችኛው ተፋሰስ ግዛቶች ሁሉ ያነሰ ነው። ቢሆንም ተጠርታ ነበር፤ የሄንደርሰን ቧንቧ የሚፈሰው ከዚያ መጠራት የተነሳ ነው።

አሜሪካኖች ጎረቤትን ላለመጥራት ፍልስፍናም ነበራቸው። በ1895 ዋና ዐቃቤ ሕግ የነበረው ጁድሰን ሃርመን በሪዮ ግራንዴ ጉዳይ ሲጠየቅ፣ አንድ አገር በክልሉ ውስጥ ባለ ውሃ ላይ ሙሉ ሥልጣን እንዳለው፣ ከታች ላለው ጎረቤትም ሕጋዊ ግዴታ እንደሌለበት መለሰ። አሜሪካ ራሷ በ1906 ከዚያው ወንዝ ለሜክሲኮ ውሃ ለመስጠት ስትፈርም ሐሳቡን በተግባር ተወችው። ኢትዮጵያውያን በካይሮ ማስፈራሪያ ሲበግኑ «በገዛ ውሃችን ማን አገባው» የሚሉት ሳያውቁት በሃርመን አንደበት ነው። ቁጣው ይገባል። ክርክሩ ግን ከመጀመሪያው ክርክር ጋር አይሄድም። «አልተጠራሁም» የሚል ሰው ወንዙ የጋራ መሆኑን አምኗል፤ የጋራ ባይሆንማ መጠራቱን ምን አመጣው? (ላቲኖች ከአንድ ጅረት የሚቀዱ ጎረቤታሞችን «ሪቫሊስ» ይሏቸው ነበር፤ እንግሊዝኛው ለተቀናቃኝ የሚጠቀምበት ቃል የመጣው ከዚያ ነው። በአማርኛው «ባላጋራ» ውስጥም፣ የቃሉ ምንጭ ሆነም አልሆነ፣ «ጋራ» የምትል ድምፅ ለጆሮ ትሰማለች።)

ሁለቱ ወንዞች ከዚህም በላይ ይዛመዳሉ። ሁቨርን ያስገነባው የአሜሪካው ቢሮ ኦፍ ሪክላሜሽን ከ1958 እስከ 1964 የዓባይን ተፋሰስ ከኢትዮጵያ መንግሥት ጋር ሲያጠና፣ ለግድብ ካመለከታቸው ቦታዎች አንዱ ድንበሩ አጠገብ፣ ዛሬ ሕዳሴ ከቆመበት ብዙ የማይርቅ ነበር። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ሕዳሴ 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ይይዛል፤ የሜድ ሐይቅ ከሁለት እጥፍ በላይ ማለት ነው። ለዘመናት «የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው» ሲባልበት የኖረ አገር አሁን ቁልፉን ይዟል። የተበዳይ ክርክር የሚፈተነው ተበዳዩ ቁልፍ ሲይዝ ነው።

ፈተናው ደግሞ ዓባይ ላይ ብቻ አይደለም። የቱርካና ሐይቅ ውሃ እጅግ አብዛኛው የሚመጣው ከኦሞ ነው። ጊቤ 3 በ2015 ውሃ መያዝ ጀመረ፤ በ2018 ዩኔስኮ የቱርካናን ብሔራዊ ፓርኮች አደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች መዝገብ ሲያስገባ ግድቡንና የኩራዝን ስኳር ልማት አንስቷል። ናይሮቢና አዲስ አበባ በመብራት ሽያጭ ተስማምተዋል፤ ከ2022 ጀምሮ ኬንያ ከኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ትገዛለች። ሁለት መንግሥታት ተጠራርተዋል። በሐይቁ ዳር መረቡን የሚጥለው ዓሣ አጥማጅ ግን የዓባይን ክርክር ቃል በቃል ወስዶ ቢናገረው አንዲት ፊደል አይለወጥበትም። ስለ ዓባይ ድምፁ ከፍ የሚለው ሁሉ ስለዚህ ሐይቅ ሲናገር የሚሰማው አልፎ አልፎ ነው።

ከኮሎራዶ ታሪክ ውስጥ ሊታሰብበት የሚገባው ግን በደሉ ብቻ አይደለም። በኤፕሪል 2010 የሜክሲካሊን ሸለቆ የመታው የምድር መንቀጥቀጥ ቦዮቹን ሰባበረ፤ ሜክሲኮ ድርሻዋን ብትቀበል እንኳ የምታፈስበት አልነበራትም። በዚያው ዓመት መጨረሻ ሁለቱ አገሮች አንድ ነገር ተስማሙ፦ ቦዩ እስኪጠገን የሜክሲኮ ውሃ ሜድ ሐይቅ ውስጥ ይቀመጥ። በ2012 ስምምነቱ ሰፋ፤ ሜክሲኮ የቆጠበችውን ውሃ በጎረቤቷ ግድብ ማኖር ቻለች፣ የእሷ ቁጠባም የሐይቁን ከፍታ ደግፎ ለኔቫዳ ተረፋት። በ2014 የጸደይ ወራት ከሞሬሎስ ግድብ ውሃ ተለቀቀ። ወንዙ ደርቆ የኖረባቸው የሳን ልዊስ ሪዮ ኮሎራዶ ሰዎች አሸዋው ላይ ወርደው ሲመጣ ጠበቁት፤ በሜይ ወር ወንዙ ባሕር ደረሰ። ይህ ሁሉ የሆነው ለሰው ድንበሩ እየጠበቀ በሄደባቸው ዓመታት ነው። ከሶኖራ የተነሳ ስደተኛ አጥር ላይ ሲመለስ የአገሩ ውሃ ግን ከአጥሩ ወዲህ በአደራ ተቀምጦ ነበር።

በዓባይ ላይ እንዲህ ያለ አደራ የለም። የ2015ቱ የካርቱም መግለጫ መርህ ብቻ ነው። በኢንቴቤ ለፊርማ የቀረበው የትብብር ማዕቀፍ በኦክቶበር 2024 ጸንቷል፤ ግብጽና ሱዳን ግን የሉበትም። እዚህ ላይ አለመጠራትና ተጠርቶ አለመግባት አንድ እንዳልሆኑ መናገር ይገባል፤ ካይሮ ለዓመታት በድርድሩ ተቀምጣ በአንድ አንቀጽ ላይ ነው የተለየችው። ቢሆንም ያልፈረመ ሰው ጥማት ፊርማ አይጠይቅም፤ በድርቅ ዓመት ምን ያህል እንደሚለቀቅ የሚናገር የጋራ ወረቀት እስካሁን የለም።

ሄንደርሰን ውስጥ ከማጠቢያ የወረደ ውሃ ተጣርቶ በላስ ቬጋስ ዋሽ በኩል ወደ ሜድ ሐይቅ ይመለሳል፤ ኔቫዳ በመለሰችው ልክ ደግማ ትቀዳለች። ሲኒና ጀበና የታጠበበት ውሃም እዚያው ገብቶ ከሜክሲኮ ቁጠባ ጋር ይቀላቀላል። ያን ቁጠባ የሚያስተዳድረው ሰነድና ሰባቱ ግዛቶች በድርቅ ጊዜ የሚተዳደሩበት የ2007ቱ ደንብ፣ የሁለቱም ጊዜ የሚያበቃው በ2026 መጨረሻ ነው።