ሳይነክስ በፊት የተናገረው

ከሳሪስ አቦ ወደ ቃሊቲ፣ ከዚያም ወደ አቃቂ ሲወረድ መንገዱ ግራና ቀኙ ፋብሪካና መጋዘን ነው። ከብዙው አጥር ጀርባ ደግሞ ውሻ አለ፤ ገና በቡችላነቱ የታሰረ። ለምን ይታሰራል ሲባል መልሱ አንድ ነው፦ «ሰው ከለመደማ ምኑን ይጠብቃል?»

ይህን ንቆ ማለፍ አይገባም። ሌሊቱን በአንድ ዱላና በአንድ ውሻ ለሚያነጋ ዘበኛ የውሻው ቁጣ እንጀራው ነው። ግን ቁጣ የምንለው ነገር ብዙ ጊዜ ፍርሃት ነው። ቡችላ ዓለምን በቀላሉ የሚለምደው ከተወለደ ከ3ኛው እስከ 12ኛው ሳምንት ገደማ ነው። አሜሪካውያኑ ስኮትና ፉለር በ1965 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት መጽሐፍ ይህንኑ ጽፈዋል። እነዚያን ሳምንታት በሰንሰለት ያሳለፈ ውሻ ሌባውንና ከትምህርት ቤት የምትመለሰውን ልጅ በምን ይለያቸው? ሁለቱም ለሱ አደጋ ናቸው።

ማላመድ ሲባል ግን ቡችላውን አንጠልጥሎ ለሰፈር ልጆች ማቀበል አይደለም። ቡችላ ይናገራል፤ በአፉ ሳይሆን በገላው። ፊቱን ያዞራል፣ ከንፈሩን ይልሳል፣ እንቅልፍ ሳይመጣበት ያዛጋል። ጆሮውን ወደ ኋላ ያስተኛል፣ ጭራውን ይወሽቃል፣ የዓይኑ ነጩ ይታያል። ይሄ ሁሉ «በቃኝ» ነው። ድርቅ ብሎ ሲቆም «ለመደ» እንላለን፤ እሱ ግን ፈርቶ ነው። ጭራ መቁላትም ሁልጊዜ ደስታ አይደለም፤ ጭራው ቀጥ ብሎ ቆሞ ገላው ከተገተረ ጠንቀቅ ማለት ነው። ደረቱን መሬት አስነክቶ ኋላውን ከፍ ሲያደርግ ግን ጨዋታ አምሮታል።

ይሄን ሁሉ ሳንሰማው ሲቀር ያጉረመርማል። ያኔ ዱላ እናነሳለን። የተመታው ውሻ ፍርሃቱ አብሮት ይቀራል፤ የሚተወው ማስጠንቀቁን ነው። አንድ ቀን ሲነክስ «ድንገት ነከሰ» ተብሎ ይፈረድበታል። እውነት ድንገት ነው? ሲነግረን የቆየውን ያልሰማነው እኛ አይደለንም?

ጥፋቱ የኛ ቢሆንም ቅጣቱ የሚደርሰው ሌላ ላይ ነው። የእብድ ውሻ በሽታ በዓለም ላይ በየዓመቱ 59,000 ያህል ሰው እንደሚገድል ይገመታል፤ ልጆች ከሁሉ በላይ ይጎዱበታል። መከላከያው ውሻን ማስከተብ ነው። እጅ የማያስነካን ውሻ ግን ማን ይዞ ያስከትባል? ስለዚህ ቡችላን እንዴት እናሳድግ የሚለው ጥያቄ የባለቤቱ የግል ጉዳይ ብቻ አይደለም። በአጥሩ ሥር የሚያልፈው ሁሉ ያገባዋል፤ የማይናገረው ቡችላም ጭምር።

ለልጅ ማስተማር የሚቻል አንድ ቀላል ነገር አለ። ቡችላው ራሱ ሲመጣ ደረቱን ትንሽ ዳብሰው፣ እጅህን አንሳና ጠብቅ። ከተጠጋህ ቀጥል፤ ፊቱን ካዞረ ተወው። አልፈልግም ማለት የሱም መብት ነው።