ይቅር ያለ ሰው ያስታውሳል?

«ይቅር ብያለሁ፤ መርሳት ግን አልቻልኩም።» እንዲህ የሚል ምእመን ስትሰሙ ምን ትላላችሁ? ብዙዎቻችን «እንግዲያስ ከልብህ ይቅር አላልክም» ማለት ይቀናናል። ከኑኑ ቁምባ እስከ ነቀምቴ ግን ሐዘን የማያውቅ ቤት ጥቂት ነውና፣ መልሱን ረጋ ብለን እናስብበት።

የፊልም ባለሙያዋ ሳሌም መኩሪያ «የወንዝ ማዕበል» የተባለ ዘጋቢ ፊልም ሠርተዋል። ፊልሙ የ1966ቱን አብዮት የናፈቁትን ተማሪዎችና ከዚያ በኋላ የመጣውን ወታደራዊ አገዛዝ ያወሳል። ነገር ግን እንደ ዜና ከሩቅ አያወራም፤ ባለሙያዋ ያን ዘመን የሚመረምሩት የጠፋውን ወንድማቸውንና የተገደለችውን የልብ ጓደኛቸውን እያስታወሱ ነው። ብዙ ሺህ ሰው ባለቀበት ዘመን ሁለት ሰዎችን ማንሳት ትንሽ ነገር ይመስል ይሆናል። ሆኖም ለቁጥር ማን ያለቅሳል? የሚለቀሰው ስም ላለው ሰው ነው።

በዚያው ዘመን የመካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ የነበሩት፣ የወለጋው ተወላጅ ቄስ ጉዲና ቱምሳ ሐምሌ 21 ቀን 1971 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ ታፍነው ተወሰዱ። አስከሬናቸው የተገኘው ደርግ ከወደቀ በኋላ፣ በ1984 ዓ.ም. ነው። ቤተ ክርስቲያን እስከ ዛሬ ስማቸውን ትጠራለች። ይህ ቂም መያዝ ነውን?

ዮሴፍን ተመልከቱ። የበኩር ልጁን ምናሴ ሲለው እግዚአብሔር መከራውን እንዳስረሳው መመስከሩ ነበር (ዘፍ. 41፥51)። ይሁን እንጂ አባታቸው ከሞተ በኋላ ወንድሞቹ ፈርተው በመጡ ጊዜ ያሰቡበት ነገር ክፉ እንደ ነበር ሳይሸፋፍን ነገራቸው፤ እነርሱንም ልጆቻቸውንም እንደሚመግብ ቃል ገባላቸው (ዘፍ. 50፥15-21)። በደሉን በስሙ ባይጠራው ኖሮ ይቅር የሚለው ነገር ምን ነበር? ዮሴፍ የተወው በቀልን ነው፤ እውነቱን አልተወም።

ማስታወስም የራሱ ፈተና አለው። የአንድ ወገን ሙታን ብቻ ሲቆጠሩ ትዝታ ለሚቀጥለው ጠብ ማገዶ ይሆናል። ዛሬ በየኪሳችን ካሜራ አለ። የሐዘን ቪዲዮ ሲደርሳችሁ ለሌላ ከመላካችሁ በፊት ራሳችሁን ጠይቁ፦ ይህን ያየ ሰው ሟቹን ያውቀዋል ወይስ አንድን ሕዝብ በሙሉ ይጠላል?

ስለዚህ በአጥቢያችሁ ልጃቸው ወደ ሞተባቸው እናት ሂዱ። ልጃቸው ምን ይወድ እንደ ነበር ይንገሯችሁ። ከፈቀዱ ቅረጹ፤ ካልፈቀዱ ስልካችሁን አስቀምጡና አብራችኋቸው ተቀመጡ። ከዚያም በሌላ ቋንቋ ወደሚያለቅሱት፣ እግራችሁ መሄድ ወደማይወደው እናት ቤት ሂዱ። እርሳቸውም የሚጠሩት ስም አላቸው።