ክራንችህን ግድግዳው ላይ አስደግፈውና ስማኝ

ና፣ ተቀመጥ ልጄ። ክራንችህን ግድግዳው ላይ አስደግፈው። በቅቤ የተቆላውን ቡና ቀላም ቅመስ። ብዙ አላቆይህም፤ አቦል፣ ቶና፣ በረካ ተጠጥቶ እስኪያልቅ ብቻ ነው። እናትህ ትናንት መጥታ «ልጁ ከመጣ ስድስት ወሩ፤ መንገዱ ከአልጋው እስከ በሩ ብቻ ሆነ» ብላ ስታለቅስ ነው የዋለችው። የምመክርህ ኤሱማህ፣ የእናትህ ወንድም፣ ስለሆንኩ ብቻ አይደለም። እኔም ቀኝ እግሬን በ1970 ዓ.ም. ካራማራ ላይ ትቼው የመጣሁ ሰው ነኝ። እንግዲህ «አንተ አይገባህም» አትለኝም።

ባለፈው እሑድ «መንግሥት ስንት ይሰጠኛል?» ብለህ ነበር የጠየቅኸኝ። ጥያቄው ነውር የለበትም፤ ደምህን ያፈሰስህበት መብትህ ነው። ግን ብር እግር አይሆንም፤ እግር የሚሆነው ሙያ ነው። የምነግርህ ሁሉ ከዚህች ቃል አይወጣም።

በ1983 ደርግ ወድቆ የቀድሞው ሠራዊት ሲበተን፣ በሰኔ ወር የሠራዊቱን አባላትና የጦር ጉዳተኞችን የሚያቋቁም ኮሚሽን ተመሠረተ። ወደ ቤቱ የተመለሰው ወታደር 450 ሺህ ገደማ ነበር፤ በኋላም ከ20 ሺህ በላይ የኦነግ ተዋጊዎች ተጨመሩ። ያኔ ነቀምቴ አውቶብስ ተራ ብትወርድ ካኪ የለበሰ ሁሉ ክራንች የያዘ ይመስልህ ነበር። አንድ ጓደኛ ነበረኝ፤ እሱም እንደኔ እግሩን ያጣ። መቋቋሚያ ተብላ የተሰጠችውን ይዞ ጊምቢ ወረደና ቡና ነጋዴ ልሁን አለ። ቡና ማየት እንጂ መግዛት አያውቅም፤ እርጥቡን በደረቅ ዋጋ ገዝቶ በአንድ ክረምት ባዶ እጁን ቀረ። ሰነፍ ሰው አልነበረም። ገንዘቡ ሙያውን ቀድሞት መጣ፣ ነገሩ ይኸው ነው። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል፤ እሱ ግን የሚለቅመውም አልተረፈለትም።

እኔ ደግሞ ልብስ ስፌት ልማር ብዬ ወደ አንድ ማሠልጠኛ ሄድኩ። አሠልጣኙ እግሬን አየና «አንተ ፔዳል እንዴት ትመታለህ? ሌላ ሙያ ፈልግ» አለኝ። ተናድጄ ወጣሁ፤ በማግሥቱ ግን ተመለስኩ። ሥራ ለሠሪው እሾህ ላጣሪው አይደል? ፔዳሉን በግራ እግር ብቻ መምታት ይቻላል፤ ጣትህን ወደፊት ትጫነዋለህ፣ ተረከዝህን ወደኋላ ትመልሰዋለህ፣ እንደ ሚዛን ያወዛውዝሃል። የመጀመሪያው ወር ትምህርት በጨርቅ አይደለም፣ በወረቀት ነው። ወረቀት ላይ መስመር ታሰምራለህ፤ ከዚያ ክር ሳታስገባ በመርፌው ብቻ መስመሩን ትከተላለህ። የእኔ ቀዳዳዎች እንደ ሰከረ ሰው ሲንገዳገዱ ሦስት ሳምንት ቆዩ። በአራተኛው ቀጥ አሉ። እናትህን ለትምህርት ያበቃኋት በዚያ ፔዳል ነው፤ በየመስከረሙ የተማሪ ዩኒፎርም እየሰፋሁ።

ቶናው ተቀዳ፤ አሁን ወደ አንተ ልምጣ። መጀመሪያ ወረቀትህን ያዝ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ሲሉ ሞኙን ሊነቅፉ ነው፤ አንተ ግን በዚህ ነገር ሞኝ ሁን። የሐኪሞች ቦርድ የጻፈልህን፣ የተሰናበትክበትን፣ መታወቂያህን ፎቶ ኮፒ አድርገህ አንዱን እናትህ ሳጥን ውስጥ አኑር። አዋጅ ቁጥር 1267/2014 የመከላከያ ሠራዊቱንም የሚይዝ የጡረታ አዋጅ ነው። በሥራ ላይ የተጎዳ ሰው ለዘለቄታው መሥራት ካልቻለ የጉዳት ጡረታ አበል ይቆረጥለታል፤ ጉዳቱ ከ10 በመቶ ሳያንስ መሥራት ከቻለ ደግሞ በአንድ ጊዜ የሚከፈል የጉዳት ዳረጎት ይሰጠዋል። ዳረጎቱ ከደረሰህ ጓደኛዬን አስታውስ፤ ሙያው በእጅህ ሳይገባ ብሩን አትንካው። እስኪደርስህም ላም አለኝ በሰማይ ብለህ አትቀመጥ።

ሁለተኛ፣ ከሙያው በፊት እግሩ። ሩቅ መሄድ የለብህም፤ እዚሁ ነቀምቴ የዓለም አቀፉ ቀይ መስቀል ኮሚቴ ሲደግፈው የኖረ የአካል ተሃድሶ ማዕከል አለ። ሰው ሠራሹ እግር ከጠንካራ ፕላስቲክ ነው የሚሠራው፤ የተቆረጠው ቦታ ግን በጊዜ ብዛት ስለሚከሳ መጀመሪያ የልክህ የነበረው ይላላል። ሲላላ በካልሲ ይሞላል፣ ሲብስ እንደገና ይለካል። «አሳከከኝ» ብለህ አልጋ ሥር አትወርውረው፤ ተመለስና አስተካክልልኝ በል። ሌሊት ስትጮህ እንደምታድርም እናትህ ነግራኛለች። አትፈር። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም፤ የእግሩ ቁስል ለሐኪም እንደሚታየው ሁሉ የእንቅልፉም ይታያል።

ሦስተኛ፣ ሙያውን ስትመርጥ ሁለት ነገር ተመልከት፦ ገላህንና ገበያውን። ባጃጅ ጥገና ነቀምቴ ላይ እንጀራ ነው፤ ግን መሬት ላይ ቁጢጥ ብሎ የሚሠራ ከሆነ ጉልበትህ አይችልም። ባጃጁን ከፍ አድርጎ የሚይዝ መደብ ካሠራህ ግን ቆመህ ትሠራዋለህ። ሞባይል ጥገና፣ ኤሌክትሪክ፣ ስፌት ወንበር ላይ የሚሠሩ ናቸው። ክረምታችን ረጅም፣ ቀይ አፈራችንም አንሸራታች ስለሆነ ቀኑን ሙሉ ጭቃ የሚያስረግጥህን ሥራ ተወው። አሜሪካኖች ገና በ1918 እ.ኤ.አ. የተጎዱ ወታደሮቻቸውን ሙያ የሚያስተምር ሕግ አውጥተዋል። ከዚያ የምንወስደው ቁም ነገር አለ፦ ሥልጠናው የሚለካው ሠልጣኙ በጨበጠው ሥራ እንጂ ክፍል ውስጥ ባሳለፈው ቀን አይደለም። አንተም ስትመዘገብ «ስንት ወር ነው?» ብቻ አትበል፤ «ሲጨርሱ የት ገቡ?» ብለህ ጠይቅ። ስትጨርስም የብቃት ምዘናውን፣ ሲኦሲን፣ ተፈተን፤ ያለ ምስክር ወረቀት ሙያህን የሚያምንህ ጎረቤትህ ብቻ ነው።

ቀጣሪ «እግር የለህም» ብሎ ቢመልስህ ደግሞ አንገትህን አትድፋ። አዋጅ ቁጥር 568/2000 ከሌላው ጋር እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ያመጣ አካል ጉዳተኛ ቅድሚያ ይሰጠው ይላል። በደል ደረሰብኝ ብለህ ስትከስ ደግሞ አላደላሁም ብሎ ማስረዳት የቀጣሪው ዕዳ ነው። ሕጉን ያላወቀ በገዛ ቤቱ እንግዳ ነው።

አንድ ነገር ልጨምር፣ እሱን ጮክ ብዬ አልናገረውም። የታችኛው ሠፈር ልጅ፣ ያ ከጫካ የተመለሰው፣ እጁን አጥቷል። መሣሪያ ያነሳችሁበት ምክንያት ለየቅል ነበር፤ ክራንቹና ባዶው እጅጌ ግን ወገን አይለዩም። በ1983 አይተነዋል፤ ከኤርትራው ጦርነት በኋላም 150 ሺህ ገደማ ወታደር ሲሰናበት አየነው። በ2015 የተቋቋመው ብሔራዊ ተሃድሶ ኮሚሽን ደግሞ በየክልሉ ያሉ ከ371 ሺህ በላይ የቀድሞ ተዋጊዎችን እመልሳለሁ ብሎ ተነሥቷል። የእሱ መንገድ በኮሚሽኑ በኩል ነው፣ የአንተ በጡረታው። መንገዱ ይለያያል እንጂ መጨረሻው አንድ የሥራ ጠረጴዛ ነው። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ። አምስት ሆናችሁ ብትደራጁ፣ ሼዱም ብድሩም አንድ ሰው ከሚጠይቀው ይልቅ ይቀላል። እኛ ጃርሶች፣ የአገር ሽማግሌዎቹ፣ ከሁለታችሁ ቤት አንዱን በር ሳንመርጥ እንመጣለን።

በረካው ደረሰ። እንግዲህ ንግግሬ በዚህ ይብቃ፤ ለወሬ የለው ፍሬ። ያችን ጥግ ላይ ያለችውን ሲንገር አየሃት? ሽፋኗን ግለጥ። ይኸው ወረቀት፤ መስመሩን እኔ አሰምሬልሃለሁ። ክር የለውም፣ የሚበላሽ ጨርቅም የለም። የቀረችልህ የግራ እግርህ ናት፤ እንደ እኔው። ጣትህን ወደፊት፣ ተረከዝህን ወደኋላ።

ተንገዳገደ? ይንገዳገድ። የእኔ ሦስት ሳምንት ፈጅቷል። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል። ስፌት ባትወደው ሌላ ትመርጣለህ፤ ዛሬ ግን ይህን ወረቀት ሳትጨርስ ክራንችህን አላቀብልህም። ነገ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ እግርህን ለማስለካት አብረን እንሄዳለን። የእኔም ላልቷል፣ ካልሲውን ማስተካከል አለብኝ።