የማያበራው ሲመዘን

ስለ ደሴ ከተማ አመሠራረት ከሚነገሩት ትውፊቶች አንዱ ሰማይን ከምድር ያገናኛል። አፄ ዮሐንስ 4ኛ እ.አ.አ. በ1882 በሥፍራው ሠፍረው ሳሉ ጅራታም ኮከብ ታያቸው፤ በጎ ምልክት ነው ብለው ደስ በመሰኘታቸውም ቦታው «ደሴ»፣ ማለትም «ደስታዬ» ተባለ ይባላል። በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር ወር ላይ ታላቅ ጅራታም ኮከብ በቀን ብርሃን ሳይቀር ይታይ እንደነበር የሥነ ፈለክ መዛግብት ያረጋግጣሉ። እንግዲህ በትውፊቱ መሠረት አንድ ከተማ ስሙን ያገኘው ከአንድ ብርሃን ነው። የሚያበራ ነገር ለመከበር ምስክር አያሻውም። ታዲያ የማያበራው፣ ዓይን የማይስበው ነገር ዋጋው በምን ይለካል?

በማርስና በጁፒተር ምሕዋሮች መካከል በሚገኘው ቀበቶ ውስጥ አስትሮይድ የሚባሉ እጅግ ብዙ አካላት ፀሐይን ይዞራሉ። ከመካከላቸው 1432ኛ ቁጥር የተሰጠው «ኢትዮጵያ» ይባላል፤ እ.አ.አ. በ1937፣ አገሪቱ በፋሽስት ወረራ ሥር ሳለች፣ ሲሪል ጃክሰን የተባለ የሥነ ፈለክ ሊቅ በጆሐንስበርግ ሆኖ ያገኘው ነው። እንደ ጅራታሙ ኮከብ በዓይን አይታይምና ስሙን የሚያውቀው ሰው ጥቂት ነው።

ከሁሉም ይልቅ ከዓይን የሚሸሹት ካርቦን የበዛባቸው ጥቁር አስትሮይዶች ናቸው። ዮሐን ፓሊዛ እ.አ.አ. በ1885 በቪየና ያገኘው «ማቲልዴ» ለዚህ ምሳሌ ይሆናል። አማካይ ስፋቱ 53 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን፣ ከሚደርሰው የፀሐይ ብርሃን የሚያንጸባርቀው ከመቶ 4 እጅ ያህሉን ብቻ ነው፤ ከከሰል ይጠቁራል። እ.አ.አ. ጁን 27 ቀን 1997 «ኒር» የተባለችው መንኮራኩር በ1,212 ኪሎ ሜትር ርቀት አልፋ ፎቶግራፍ ስታነሣው፣ ገጹ በታላላቅ ጉድጓዶች የተቦረቦረ ሆኖ ተገኘ። ጉድጓዶቹም በዓለም የድንጋይ ከሰል መገኛዎች ስም ተሰየሙ።

በእንዲህ ዓይነቱ አካል ላይ የሚፈጸመው የፍርድ ስሕተት በቀላል ስሌት ይገለጻል። በእኩል ርቀት ላይ ካሉ ሁለት አስትሮይዶች አንዱ 10 ኪሎ ሜትር ስፋት ኖሮት ከሚደርሰው ብርሃን ከመቶ 25 እጁን ቢመልስ፣ ሌላው ደግሞ 25 ኪሎ ሜትር ስፋት ኖሮት ከመቶ 4 እጁን ብቻ ቢመልስ፣ ከምድር ለሚመለከታቸው ሁለቱም እኩል ይደምቃሉ። በድምቀታቸው ብቻ የሚፈርድ ተመልካች ትልቁን ከትንሹ እኩል ያደርገዋል። በዚህ ጊዜ ያነሰው የጥቁሩ አካል ግዝፈት ሳይሆን የመለኪያው አቅም ነው።

ሳይንስ ይህን ስሕተት ያረመው መለኪያውን በመለወጥ ነው። ጥቁሩ አካል ያላንጸባረቀውን ብርሃን ውጦ ይሞቃል፤ የዋጠውንም በሙቀት ጨረር መልክ መልሶ ይለቃል። እ.አ.አ. በ1983 «አይራስ» የተባለው ሳተላይት ሰማዩን በዚህ ለዓይን በማይታይ ጨረር በቃኘ ጊዜ የብዙ አስትሮይዶች መጠን ተለካ። በብርሃን የደበዘዘው በሙቀት ጎልቶ ወጣ።

ውስጡስ ምን ይዟል? እ.አ.አ. ሴፕቴምበር 24 ቀን 2023 «ቤኑ» ከተባለ አስትሮይድ የተሰበሰበ 121.6 ግራም አፈርና ጠጠር ምድር ደረሰ። ቤኑ ዛሬ ለምድር ቀርቦ የሚዞር ቢሆንም፣ መነሻው ያው ቀበቶ እንደሆነ የሚታመን፣ ካርቦን የበዛበት ጥቁር አካል ነው። በናሙናው ውስጥ ውሃን ያዘሉ የሸክላ ማዕድናት፣ እንዲሁም በምድር ላይ ያለ ሕይወት ፕሮቲን ከሚሠራባቸው 20 አሚኖ አሲዶች 14ቱ ተገኙ። ከምድር ውሃ ከፊሉ በእንዲህ ዓይነት ጥቋቁር አካላት አማካይነት እንደመጣ ብዙ ተመራማሪዎች ይገምታሉ።

በደሴ ቧንቧ ውሃ የተባለ ሰፈር አለ። ለከተማዋ ስም የሰጣት ብርሃን ከሆነ፣ ሰፈሩ የተጠራበት ውሃ ግን ማንም አይቶ ካልተደሰተበት ድንጋይ የተወረሰ ጠብታ ሳይኖርበት አይቀርም። ከቧንቧው ሥር ዕቃውን የሚሞላ ሰው ይህን አይጠይቅም። ውለታ ግን ጠያቂ በማጣቱ ውለታነቱ አይቀርም።

ይሁንና እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያሻል። ጥቁር የሆነው ሁሉ ክቡር፣ ብሩህ የሆነው ሁሉ ከንቱ ነው ማለት ያንኑ ስሕተት ገልብጦ መድገም ይሆናል። ደግሞም የድንጋዩ ጥቁረት ከተፈጥሮው ነውና ማንም አይጠየቅበትም። የሰው ከዓይን መሠወር ግን ብዙ ጊዜ የሌላ ሰው ሥራ ነው። በ1965 ዓ.ም. የወሎ ገበሬ በረሃብ ሲያልቅ፣ ችግረኛው አውራ ጎዳና ዳር ወጥቶ መንገደኛውን እጁን ዘርግቶ ይለምን ነበር። የዘመኑ ሹማምንት ግን አደጋውን ከአገርና ከዓለም ለመሠወር ሞከሩ። እ.አ.አ. በኦክቶበር 1973 ጆናታን ዲምብልቢ የሠራው ፊልም በብሪታንያ ቴሌቪዥን ሲታይ ዓለም ደነገጠ። ነገር ግን ረሃቡ በካሜራው ብርሃን አልጀመረም፤ የሟቾቹም ሰብአዊ ክብር ከፊልሙ አልተገኘም። ፊልሙ ከመሠራቱ በፊት በዚያ ጎዳና ያለፈ ሁሉ የሰውን ትንፋሽ በቅርብ ይሰማ ነበር። ስለዚህ የጎደለው መለኪያ ሳይሆን ለመለካት መፍቀድ ነበር።

የግብረ ገብ ጥያቄው እንግዲህ ከሥነ ፈለኩ አንድ እርምጃ አልፎ ይሄዳል። መምህሩ እጁን የማያነሣውን ተማሪ፣ ካድሬው በስብሰባ ላይ ቃል የማይተነፍሰውን ገበሬ፣ ከያኒው መድረክ ላይ ወጥቶ የማያውቀውን ኑሮ በሚመልሱለት ብርሃን ብቻ ከመዘኑ፣ ያ ተመልካች የተሳሳተውን ይሳሳታሉ፤ ልዩነቱ፣ የእነርሱ ስሕተት በሰው ሕይወት የሚከፈል መሆኑ ነው። ጅራታሙን ኮከብ አይቶ መደሰት ነውር የለበትም። ቀርቦ ሙቀቱን ሳይለካ «የለም» ወይም «ትንሽ ነው» ብሎ የፈረደ ሁሉ ግን የፍርዱ ባለ ዕዳ ነው።