ነቢዩ ኤልያስ ከክትክታው ዛፍ ሥር

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

በዐቢይ ጾም የነቢዩ ኤልያስን አርባ ቀን እናስባለን። ሰማይን በጸሎቱ የዘጋ፣ በቀርሜሎስ ተራራ እሳት ያወረደ ታላቅ ነቢይ ነው። ነገር ግን ከአርባው ቀን በፊት ምን ደርሶበት እንደነበር እስቲ ልብ እንበል። የኤልዛቤልን ዛቻ ሰምቶ ሸሸ፤ ብላቴናውን ትቶ ብቻውን ከክትክታ ዛፍ ሥር ተቀመጠ፤ ሞቱን ለመነ፤ ከዚያም ተኛ (1ኛ ነገ. 19)። ከሰው መራቅ፣ ድካም፣ ተስፋ ማጣት፤ ይህ ሁሉ በነቢይ ላይ ደረሰ። ታዲያ በተማሪው፣ በመምህሩ፣ በወላጁ ላይ ሲደርስ «ስንፍና ነው፣ እምነት ስለጎደለው ነው» ማለትን ከየት አመጣነው?

ይህን ሕመም ሐኪሞች ድባቴ ይሉታል። የአንድ ቀን ኀዘን አይደለም። ሁለት ሳምንትና ከዚያ በላይ ልብ ሲጨልም፣ ይወዱት የነበረው ነገር ሁሉ ሲሰለች፣ እንቅልፍና የምግብ ፍላጎት ሲዛባ፣ ትምህርት አልገባ ሲል፣ ራስን መጥላትና ሞትን መመኘት ሲመጣ ነው። በልጆች ላይ ቁጣና ንጭንጭ መስሎም ይታያል።

በጾም ወራት ደግሞ ይህ ሕመም በቀላሉ ይሸፈናል። ልጁ ምግብ ሲተው እናት «ልጄ ጾሙን አጠበቀ» ትላለች፤ ክፍሉን ዘግቶ ሲውል «ሱባዔ ይዟል» ይባላል። በምን እንለየው? ጾም ወደ ቅዳሴው፣ ወደ ነዳያኑ፣ ወደ ባልንጀራው ያቀርባል፤ ከፊቱም ትንሣኤ አለ። ድባቴ ግን ከሁሉ ይነጥላል፤ ከፊቱ የሚታየው ጨለማ ብቻ ነው። እንዲህ የሆነ ሰው ስለ ጾሙ ከንስሐ አባቱ ጋር ይመካከር፤ ቤተ ክርስቲያን ለታመመ ልጇ ታዝናለች።

ወላጆች ሆይ! የ12ኛ ክፍል ፈተና ወስደው ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት በ2014 ዓ.ም. 3.3 በመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. 3.2 በመቶ፣ በ2016 ዓ.ም. 5.4 በመቶ ብቻ ነበሩ። የቀረው ሁሉ አንገቱን ደፍቶ ወደ ቤቱ ገባ። ይህ ሁሉ ልጅ ሰነፍ ነበር? «አንተ ምን ጎደለህና ነው?» የሚለው ቃል በዚያ ቀን ከድንጋይ ይከብዳል። መምህሩስ? የተማሪዎቹን ውድቀት እንደ ራሱ ቆጥሮ፣ ደመወዙ ከወር ወር አልደርስ ብሎት፣ ቀን ሲያስተምር ውሎ ማታ የሚያለቅስ አለ። ለልጆቿ ስትል ሕመሟን ውጣ የምትኖር እናትም አለች። እነርሱን ማን ጠየቃቸው?

መልአኩ ምን አደረገ?

ኤልያስን አልገሠጸውም። ዳሰሰው፤ እንጎቻና ውኃ አቀረበለት። በልቶ ተመልሶ ሲተኛም ታገሠው፤ ሁለተኛ መጥቶ መገበው። ያን አርባ ቀን የሄደው እንዲህ በልቶና ዐርፎ ከበረታ በኋላ ነው። «ብቻዬን ቀረሁ» ሲልም እግዚአብሔር ሰባት ሺህ ሰዎች እንዳሉ ነገረው፤ ኤልሳዕንም ሰጠው።

እኛም እንዲሁ እናድርግ። አጠገቡ እንቀመጥ፤ ለምክር ሳንቸኩል እንስማው፤ ትንሽም ቢሆን ምግብ እናቅርብለት። ስለ ሞት ካነሳ «ራስህን ልትጎዳ አስበሃል ወይ?» ብለን በፍቅር፣ በግልጽ እንጠይቀው። መጠየቁ ሐሳቡን አያመጣበትም። አዎ ካለ ብቻውን አንተወው፤ የተባይ መርዝ የመሰለውን ከቤት እናርቅ፤ በዚያው ቀን ወደ ሕክምና እናድርሰው።

«ጠበል እያለ ሐኪም ለምን?» የሚል አይጠፋም። መጽሐፈ ሲራክ በምዕራፍ 38 ሐኪምን እንድናከብር፣ መድኃኒትም ከእግዚአብሔር መሆኑን ያስተምረናል። ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ጳውሎስም በ1999 ዓ.ም. የኤች አይ ቪ ሕሙማን ጠበሉንም መድኃኒቱንም አብረው እንዲወስዱ አስተምረዋል። ለዚህም ሕመም እንደዚያው ነው። በአቅራቢያችን ያለውን ጤና ጣቢያ እንጠይቅ፤ በአዲስ አበባ አማኑኤል ሆስፒታል አለ። መድኃኒት የጀመረም ሐኪሙን ሳያማክር አያቋርጥ።

በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይላሉ አባቶች። ዛሬ ከቅዳሴ ስንመለስ ከክትክታው ሥር የተቀመጠ ሰው በቤታችን፣ በጎረቤታችን፣ በትምህርት ቤታችን እንዳለ እንይ። እንጎቻውን ይዞ የሚሄደው ሰው ምናልባት እኔ ነኝ፤ ምናልባት አንተ ነህ፤ ምናልባት አንቺ ነሽ።

ኤልያስን ያጽናና አምላክ ያዘኑትን ያጽናና፤ ለብርሃነ ትንሣኤው በሰላም ያድርሰን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።